እስረኛው ቄሳር ፊት ሲቀርብ

ክፍሉን መጀመሪያ ያየሁት በሩ ላይ ባለችው ጠባብ መስታወት ነው። ተደራራቢ አልጋ፣ ከግድግዳው ጋር የተበየደ ጠረጴዛ፣ ከታች መጸዳጃ ከላይ መታጠቢያ የሆነ አንድ የብረት ዕቃ። ታችኛው አልጋ ላይ አንድ ሽማግሌ ተቀምጠው ጥፍራቸውን ያያሉ። ዘበኛው በሩን ሲከፍት ቀና ብለው አዩኝና ገና አፌን ሳልከፍት «አበሻ ነህ» አሉኝ። መጠየቃቸው አልነበረም።

ሳንፍራንሲስኮ አውሮፕላን ማረፊያ በሰው ፓስፖርት መምጣቴን የተናገርኩት እኔው ራሴ ነኝ። ጥገኝነት እጠይቃለሁ የምትለዋን ዓረፍተ ነገር መንገዱን ሙሉ ስለማመዳት ነበር፤ ከእሷ በኋላ ምን እንደሚመጣ ግን አልተለማመድኩም። እጄን ከወገቤ ጋር በሰንሰለት አያይዘው፣ በቫን ጭነው፣ ረጅሙን ድልድይ አሻግረው ከኦክላንድ ወጣ ብሎ ወዳለ የካውንቲ እስር ቤት አመጡኝ። ባሕሩ በግራም በቀኝም ቅርብ ነበር። ከዘጠና ሰባቱ ምርጫ በኋላ አዲስ አበባ ታስሬ ሳለሁ፣ ሌሊት ተጠጋግተን ተኝተን ስለ አሜሪካ ስናወራ፣ አንዳችንም እዚያ ስንደርስ እንታሰራለን አላልንም። ከእስር ቤት ሸሽቶ እስር ቤት መግባት ያበሽቃል። ሌላ ቃል ባገኝለት ደስ ይለኝ ነበር፤ ግን በሽቄ ነበር።

ሽማግሌው ከላይኛው አልጋ ላይ ልብሳቸውን አነሱልኝ። «እዚህ ውጣ። መብራቱ አይጠፋም፣ ፎጣህን ዓይንህ ላይ አድርግ» አሉኝ። አማርኛቸው የአዲስ አበባ ነው፤ ቃሉን ጫን የሚያደርጉበት ቦታ ግን አስመራ የተወለዱ መሆናቸውን ይናገራል። እኔ እንደ ሁሉም ሰው «ጋሼ» አልኳቸው።

ከሰዓት በኋላ ሆዴ አስቸገረኝ። አዲስ አበባ ሽንት ቤት የምንወጣው በወረፋ፣ በግርግር ነበር፤ እዚያ ግርግሩ ራሱ ይሸፍን ነበር። እዚህ ግን የብረቱ ዕቃ ከሽማግሌው ጉልበት አንድ ክንድ አይርቅም። አባቴ የሚሆን ሰው ፊት ሱሪዬን ፈትቼ ልቀመጥ? ዋጥ አድርጌ ያዝኩት። ወደ በሩ ሄድኩ፣ ተመለስኩ፣ አልጋው ላይ ወጣሁ፣ ወረድኩ። ገባቸው። ተነሥተው ፊታቸውን ወደ ግድግዳው አዞሩና፣ ኮሪደሩ ሁሉ እስኪሰማ ድረስ ጮክ ብለው መጥራት ጀመሩ።

«አውጉስቶ! ቲቤሪዮ! ካሊጎላ! ክላውዲዮ! ኔሮኔ! ጋልባ! ኦቶኔ! ቪቴሊዮ! ቬስፓዚያኖ! ቲቶ! ዶሚዚያኖ!»

ሲጨርሱ እንደገና ከአውጉስቶ ጀመሩ። ከጎረቤት ክፍል አንዱ «ሻት አፕ!» እያለ በሩን ደበደበ፤ እሳቸው ድምፃቸውን ጨመሩ። እኔ ጨርሼ ውሃውን እስክለቅ ድረስ ሮም ተነሥታ ወድቃ፣ ተነሥታ ወድቃ ነበር።

«ምንድን ነው የሚጠሩት ጋሼ?» አልኳቸው እጄን እየታጠብኩ።

«የሮም ነገሥታት ናቸው። ለአንተ ብዬ ነው፤ አንተም ነገ ለእኔ አንድ ነገር ትጮኽልኛለህ።»

በልጅነታቸው አስመራ የጣሊያን ትምህርት ቤት ተምረዋል። «ሲኞራ» የሚሏት አስተማሪ ልጆቹን አቁማ ነገሥታቱን በተራ ታስጠራቸዋለች፤ አንዱን የዘለለ ልጅ እረፍት አይወጣም። ስማቸውን ብቻ አይደለም፤ የእያንዳንዱን ጠባይ፣ አበላል፣ አሟሟት ሳይቀር ታውቅ ነበር። ሽማግሌው በኋላ አዲስ አበባ የመኪና ዕቃ ነግደዋል፣ በደርግ ጊዜ በሱዳን ወጥተው ኦክላንድ ገብተው ታክሲ ነድተዋል። ከዓመታት በፊት በነበረ የጥል ክስ ምክንያት ግሪን ካርዳቸውን ቀምተው ወደ አስመራ ሊልኳቸው ያዟቸው። አስመራ ደግሞ ወረቀታቸውን አልሰጥም አለች። «እዚያም አይፈልጉኝም፣ እዚህም አይለቁኝም። ቲቤሪዮም ሮምን ትቶ ደሴት ላይ እንደዚህ ነበር የተቀመጠው፤ እሱ ግን ወዶ ነው» አሉኝ።

እኔ ነገሥታትን የምሰማበት ጆሮ አልነበረኝም። የታሰርኩት፣ የተገረፍኩት፣ አገሬን ጥዬ የወጣሁት አንድ ሰው ዕድሜ ልኩን አይግዛ ብዬ ነው። አሁን ደግሞ ጣሊያን ያስተማራቸው ሽማግሌ ከአልጋዬ ሥር ተኝተው የቄሳርን ደግነት ይተርኩልኛል! አውጉስቶ አርባ ዓመት ክረምት ከበጋ አንዲት ትንሽ ክፍል ውስጥ እንደተኛ፣ ሚስቱና ልጁ የሠሩለትን ልብስ እንደሚለብስ፣ መብረቅ እንደ ሕፃን እንደሚያስፈራው። «ገራፊዎቹስ የት ይተኙ ነበር?» አልኳቸው። ጥፍራቸውን ማየት ጀመሩ። የረታኋቸው መሰለኝና ደስ አለኝ።

ብዙም ሳይቆይ ለቃለ መጠይቅ ጠሩኝ። አገሬ ብመለስ የምፈራው ነገር እውነተኛ መሆኑን የሚወስኑበት ነው። ጠያቂዋ ወጣት ሴት ናት፣ ፊቷ ክፉ አይደለም። አስተርጓሚው በስልክ ነው። እኔ እጄን ጭኔ ላይ አድርጌ ጠረጴዛውን እያየሁ ተቀመጥኩ፤ ያደግኩት ባለሥልጣንን ዓይን ዓይኑን ማየት ድፍረት ነው ተብሎ ነው። እስር ቤት ምን አደረጉህ ስትለኝ «ያው እንደ ሁሉም ሰው ነው» አልኩ። መቱህ ወይ ስትል «መቼም እስር ቤት ነው፣ ይመታሉ» አልኩ። አሁን ጤንነትህ እንዴት ነው ስትል «ደህና ነኝ፣ እግዚአብሔር ይመስገን» አልኩ። የደረሰብኝን ሁሉ ልነግራት አስቤ ነበር የገባሁት። ግን ሰው ስለ ራሱ መከራ አንድ ሁለት እያለ ሲዘረዝር እኛ ዘንድ ለማኝ ይመስላል። እሷ ትጠይቃለች፣ እኔ አሳጥራለሁ፣ ስልኩ ውስጥ ያለው ሰውዬ የበለጠ ያሳጥራል። ቶሎ አለቀ።

ውሳኔው መጣ፤ ፍርሃቱ አሳማኝ አይደለም ይላል። የቀረኝ አንድ ዕድል ነበር፤ ዳኛ ፊት ቀርቤ ውሳኔው እንዲታይልኝ መጠየቅ። ዳኛው ካጸደቀው አውሮፕላን ላይ ይጭኑኛል።

ሽማግሌው ወረቀቱን አንብበው «ምን ብለህ ነው?» አሉኝ። ነገርኳቸው።

«እግዚአብሔር ይመስገን አልካት?»

«አዎ።»

«ደህና ነኝ አልካት?»

«ታዲያ ምን ልበል ጋሼ?»

«ደህና ከሆንክማ ምን ልትሠራ መጣህ ትላለቻ! እኔ ብሆን አንተን አምኜ እዚህ አስቀምጥሃለሁ?» ተነሥተው ቆሙ። «አልፈርድብህም። እኔም ልቤን አሞኝ ሆስፒታል ወስደውኝ፣ ዶክተሩ ሃው ዱ ዩ ፊል ሲለኝ ፋይን አልኩት። እሱ ልሞት እንደሆነ ለልጄ እየነገራት ነው፣ እኔ ፋይን እላለሁ! እኛ እንዲህ ነን። ግን ጃጁ፣ ዳኛው ማለቴ ነው፣ ይህን አያውቅም። ጃጁ ፊት ፋይን ካልክ ዲፖርት ነህ። ቦሌ ማን እንደሚጠብቅህ ደግሞ አንተ ታውቃለህ።»

አውቃለሁ። ሲለቁኝ በየሳምንቱ ፈርም ብለውኝ ነበር የጠፋሁት። አብሮኝ የጠፋውን ጓደኛዬን ድንበር ላይ ይዘው መልሰውታል፤ ቤተሰቡ ዛሬም ድረስ ልብሱን እንጂ እሱን አልተረከቡም። ይህን ለሽማግሌው ነገርኳቸው። ፈርቼ ነበር፤ በጣም ፈርቼ ነበር።

በማግሥቱ ከምሳ በኋላ፣ እስረኛ ቆጥረው በሩን ሲዘጉብን፣ ሽማግሌው የክላውዲዮን ነገር ጀመሩልኝ። ከሁሉም የሚወዱት እሱን ነው። ያነክሳል፣ ይንተባተባል፣ ሲናደድ አፍንጫው ይፈሳል፣ ራሱ ይወዛወዛል። የገዛ እናቱ ታፍርበት ነበር። ካሊጎላን ወታደሮቹ ሲገድሉት ፈርቶ መጋረጃ ውስጥ ተደበቀ፤ አንድ ወታደር እግሩን አይቶ ጎትቶ አወጣው። ክላውዲዮ ሊገድለኝ ነው ብሎ እግሩ ላይ ወደቀ፤ ወታደሩ ግን ንጉሥ ብሎ ሰላምታ ሰጠው።

«ይኸው ሰው ፍርድ ቤት መቀመጥ ይወድ ነበር» አሉ። «በበዓል ቀን ሳይቀር። አንዳንዴ እዚያው እንቅልፍ ይወስደዋል፣ ጠበቆቹ ይጮኹበታል። ግን ይቀመጣል። አንድ ቀን ከባሕር ማዶ ከብሪታኒያ አንድ እስረኛ በሰንሰለት አመጡለት። ካራታኮ ይሉታል። ሮማውያንን ዓመታት ሲዋጋ ኖሮ፣ የገዛ አገሩ ንግሥት ናት ይዛ የሰጠችው። ከተማው ሁሉ ሊያየው ወጣ። ሌሎቹ እስረኞች ይለማመጣሉ፣ ያለቅሳሉ። ካራታኮ ግን ራሱን ቀና አድርጎ ሄዶ ቄሳር ፊት ቆመ። ምን እንደነበረው፣ ምን እንዳጣ፣ ለምን እንደተዋጋ ተናገረ። አልለመነም፤ ነገረው። ክላውዲዮ አዳመጠ። ከዚያ እሱንም ሚስቱንም ወንድሞቹንም ፍቱልኝ አለ። ሮም ውስጥ ኖረ።»

«በምን ቋንቋ ነው የተናገረው?»

«ሲኞራ አልነገረችንም። አስተርጓሚ ሳይኖር አይቀርም። አላህ ይርዳው።»

ተነሡና ብርድ ልብሳቸውን በአንድ ትከሻቸው ላይ ጣል አደረጉ። አልጋው ጫፍ ላይ ተቀመጡ፣ ራሳቸውን ማወዛወዝ ጀመሩ፣ አፍንጫቸውን በእጅጌያቸው ጠረጉ። «ቁም እዚያ በሩ ጋ» አሉኝ። «እኔ ክላውዲዮ ነኝ። ም-ም-ምን አደረጉህ?»

ሳቅኩ። ከአዲስ አበባ ከወጣሁ ጀምሮ ስስቅ የመጀመሪያዬ ነው። እሳቸው ግን አልሳቁም። ራሳቸውን እያወዛወዙ ጠበቁኝ።

«ገረፉኝ» አልኩ።

«የት? ማን? በምን?»

«ጋሼ ይተዉኝ።»

«ክላውዲዮ አይተውም። እንቅልፍ ሊወስደኝ ነው፣ ቶሎ በል።»

ቀኑን ሙሉ እንዲህ ዋልን፤ በማግሥቱም ቀጠልን። ወለሉን ሳይ «ቄሳር እዚህ ነው» ይሉኛል። «እኛን» ስል «አንተን ነው የጠየቅኩት» ይላሉ። ነገሩን ከመሐል ስጀምር ከመጀመሪያው ያስጀምሩኛል። አንድ ቦታ ላይ ስደርስ ግን ሁልጊዜ እቆማለሁ፤ እሳቸውም እዚያ እንደምቆም ያውቃሉ። በመጨረሻ ብርድ ልብሱን ከትከሻቸው አውርደው ፊታቸውን ወደ ግድግዳው አዞሩ፤ እንደ መጀመሪያው ቀን። ይህን ጊዜ ግን ስም አልጠሩም። ለጀርባቸው ነገርኳቸው። ልብሴን እንዳስወለቁኝ፣ እጄን ወደ ኋላ አስረው ውስጥ እግሬን እንደገረፉኝ፣ ከዚያ እየሳቁ እንደሸኑብኝ። ለእናቴም ለማንም ነግሬው አላውቅም ነበር። ሽማግሌው ሲዞሩ ዓይናቸው ቀልቷል። «እንደዚሁ ትላለህ» አሉ፣ «ለአስተርጓሚውም ለጃጁም። ያፍሩ እነሱ እንጂ አንተ ምን አደረግክ?»

ፍርድ ቤቱ ሳንፍራንሲስኮ ነው። ቀዩን የእስረኛ ልብስ ለብሼ፣ እጄ ከወገቤ፣ እግሬ ከእግሬ ታስሮ ገባሁ። ዳኛው መላጣ፣ መነጽር ያደረገ፣ ጉንፋን የያዘው ሰው ነው። ወረቀት እያገላበጠ ቀና ሳይል ጀመረ። አስተርጓሚዋ ከጎኔ ተቀመጡ፤ ፀጉራቸው የሸበተ፣ አንገታቸው ላይ መስቀል ያሰሩ የእኛው አገር እናት ናቸው። ሲያዩኝ የእናቴን ዓይነት አተያይ አዩኝ። የምናገረውን ባዳ ቢሰማው ይሻለኝ ነበር።

ዳኛው በቃለ መጠይቁ ላይ ደህና ነኝ ብዬ አሁን ሌላ ነገር የምናገረው ለምን እንደሆነ ጠየቀኝ። ቀና ብዬ አየሁትና «አፍሬ ነው» አልኩ። «ምን አደረጉህ?» አለ። ከመጀመሪያው ጀመርኩ። ማን እንደያዘኝ፣ የት እንደወሰዱኝ፣ ክፍሉ ምን እንደሚመስል። አስተርጓሚዋ በጥሩ እንግሊዝኛ እየተከተሉኝ ነበር። ልብሴን እንዳስወለቁኝ ስናገር ድምፃቸው ቀነሰ። ከዚያ ያቺን ነገር ተናገርኩ።

እሳቸው ግን ሰደቡት፣ አዋረዱት ብለው ተረጎሙ።

እንግሊዝኛ ያን ያህል ባልናገርም እሰማለሁ። ለምን እንደሆነ ገብቶኛል። ልጃቸው የምሆን ወጣት አጠገባቸው ተቀምጦ፣ በነጭ ፊት ያን ቃል በእሱ ላይ ማውጣት አልሆነላቸውም። እኔን መሸፈናቸው ነበር፤ ሽማግሌው ወደ ግድግዳው እንደዞሩልኝ። ዳኛው መጻፉን ጨርሶ ገጽ ሊገልጥ ነው። ዝም ብል ያልፋል፤ እሳቸውም እፎይ ይላሉ፣ እኔም እፎይ እላለሁ፣ ከዚያ ቦሌ ነኝ።

«እናቴ» አልኳቸው፣ «ይቅርታ ያድርጉልኝ። እንዳልኩት ይንገሩልኝ።»

«ልጄ…» አሉኝ በአማርኛ፣ ቀስ ብለው።

«እንዳልኩት። ነውሩ የእኔ አይደለም።»

ዳኛው ምን እየተባባላችሁ ነው አለ። እሳቸው ትርጉማቸውን እንዲያርሙ ፈቃድ ጠየቁና፣ ቃሉን እንዳለ አወጡት። ድምፃቸው መሐሉ ላይ ተሰበረ፤ ግን ጨረሱት። ዳኛው ብዕሩን አስቀመጠ። መነጽሩን አወለቀ፣ አየኝ፣ «ቀጥል» አለኝ። ቀጠልኩ። ስለ ጓደኛዬም ነገርኩት። እጄ ከወገቤ ጋር ታስሮ ስለነበር ዓይኔን መጥረግ አልቻልኩም፤ ስለዚህ እየፈሰሰ ተናገርኩ።

የመጀመሪያውን ውሳኔ ሻረው። ጉዳዬ በሥርዓቱ እንዲታይ አዘዘ። አስተርጓሚዋ ሲነግሩኝ ክርናቸው ክርኔን ነካው፤ ሕጉ ከዚያ በላይ አይፈቅድላቸውም።

ስመለስ ሽማግሌው ሶላት ላይ ነበሩ። ጨርሰው ዞሩና ፊቴን አዩ። ከምሳ ያስቀሩልኝን ብርቱካን ሰጡኝ። ልጠው ነው የሰጡኝ።

እኔ ከወራት በኋላ ወጣሁ። እሳቸውም ወረቀታቸው ከአስመራ ስላልመጣ፣ እግራቸው ላይ መቆጣጠሪያ አስረው ለቀቋቸው፤ ሳን ሆዜ ልጃቸው ቤት ገቡ። አሁን ሄይዋርድ እኖራለሁ፣ ፕሌዘንተን አንድ መሥሪያ ቤት ኮምፒዩተር እጠግናለሁ። በባቡር ስሄድና ስመለስ ስለ ሮም ነገሥታት አንድ ወፍራም መጽሐፍ አነበብኩ። አውጉስቶ በእርግጥ በትንሽ ክፍል ይተኛ ነበር። ክላውዲዮም ያዳምጥ ነበር፤ ግን ስንቱን መኳንንት፣ የገዛ ሚስቱን ጭምር አስገድሏል። የካራታኮን አገር ያስወረረውም ራሱ ክላውዲዮ ነው። ተናደድኩ፤ ለዒድ ሳን ሆዜ ስሄድ ይህን ይዤ ሄድኩ።

ሽማግሌው ሶፋ ላይ ትራስ ተደግፈው ተቀምጠዋል። የልጅ ልጃቸው ሻይ አምጥታ አየችኝና «ኢዝ ዚስ ዘ ጋይ ፍሮም ጄይል?» አለቻቸው። «የስ፣ ማይ ፍሬንድ» አሏት በኩራት። ልጅቷ እስክትወጣ ጠብቄ «ጋሼ፣ ክላውዲዮ እኮ ነፍሰ ገዳይ ነው» አልኳቸው።

«አውቃለሁ። ሲኞራ ሁሉንም አስተምራናለች።»

«ታዲያ ምነው ደግ ደጉን ብቻ ነገሩኝ?»

ሻያቸውን አስቀመጡ። «አንተ ጃጁ ፊት የምትቆመው አንድ ጠዋት ነበር» አሉኝ። «ለአንድ ጠዋት የሚያዳምጥ ሰው ይበቃሃል ብዬ ነዋ።»

በልቤ አደነቅኳቸው፤ ዛሬም አደንቃቸዋለሁ። ያን ቀን ግን አልነገርኳቸውም፣ ሻዬን ጠጣሁ እንጂ።

ኦክላንድ ውስጥ የጥገኝነት ጉዳይ ያላቸው ልጆች ሲሰበሰቡ የዚያ ዳኛ ስም ይነሣል። ጡረታ ወጥቷል፤ ግን እስካሁን ይረግሙታል። ብዙ ሰው መልሷል ይላሉ፣ ጠበቆችም እንደዚያው ይላሉ፤ ሐሰት ነው ብዬ አልከራከርም፣ የተመለሱት ሰዎች አሉ። ግን እኔ ባለሁበት ሲረግሙት ዝም ብዬ አላልፍም። ጉንፋን ይዞት ነበር እላቸዋለሁ። ብዕሩን አስቀምጦ፣ መነጽሩን አውልቆ፣ እስክጨርስ ድረስ ጠበቀኝ እላቸዋለሁ።